የእናቴ ግቢ የካሳ ግምት (አዳማ)

ጠያቂ፦ የእናቴ ግቢ ለመንገድ ተፈልጓል። የግምት ወረቀቱ ላይ ቤቱና አጥሩ አለ። በሲሚንቶ የተሠራው የውሃ ጉድጓድና ፓፓያዎቹ ግን የሉም። «ይፈርሙና ብሩን ይውሰዱ» እያሏት ነው። ቀጥታ ፍርድ ቤት ልሂድ?

መልስ፦ ቀጥታ ከሄድክ መዝገቡን ይዘጉብሃል። ለሕዝብ ጥቅም በሚወሰድ መሬት ላይ ስለሚከፈል ካሳ በወጣው አዋጅ 1161 መሠረት መጀመሪያ አቤቱታ ሰሚው አካል አለ፤ ለዚያ ያለህ 30 ቀን ነው። ቀጥሎ ይግባኝ ሰሚ ጉባኤው። ፍርድ ቤት ከዚያ በኋላ ነው። በመሬቱ ዋጋ ደግሞ አትከራከር፣ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው። የአንተ ክርክር ጉድጓዱ ነው። ወረቀቱ መቼ ደረሳት?

ጠያቂ፦ ባለፈው ሳምንት።

ሌላ መልስ፦ እንግዲያው ጊዜ አለህ። ጉድጓዱን ዛሬውኑ ፎቶ አንሳው፤ ግሬደር ከገባ ማን ያምንሃል? ማመልከቻውን በአፋን ኦሮሞ አስጽፍ። ቀሪው ቅጂ ላይ ማህተም አስመታ። እማማም ሳያነቡ እንዳይፈርሙ!