የዕቅድ ውይይት፦ መንገዱ፣ መብራቱና ኔትወርኩ የተንጠለጠሉበት አንድ ድልድይ

የማህበሩ ፀሐፊ
ውድ አባላት፣ ክረምቱ ከመግባቱ በፊት ለወረዳው የምናስገባው የጋራ ጥያቄ ረቂቅ እዚሁ እንዲዘጋጅ ኮሚቴው ተስማምቷል። ከየብሎኩ የመጣው ቅሬታ ሲሰበሰብ ሦስት ነገር ላይ ያርፋል፤ መንገድ፣ መብራት፣ ኔትወርክ። ለሦስት ቢሮ ሦስት ደብዳቤ ይጻፍ የሚል ሐሳብ ቀርቧል። ከመወሰናችን በፊት ተወያዩበት። ያያችሁትን ቦታውን ለይታችሁ ጻፉ፤ ረቂቁ ውስጥ የሚገባው እሱ ነው።

የብሎክ 3 ተወካይ
ሦስት ደብዳቤ የሚለውን እደግፋለሁ። ሁሉን በአንድ ብናጭቀው እያንዳንዱ ቢሮ «ይሄ እኛን አይመለከትም» ብሎ ይመልስልናል። የመንገዱ ጉዳይ ግን ይቅደም። ባለፈው ክረምት ወንዙ ሞልቶ ድልድዩን በዋጠው ሌሊት፣ ምጥ የያዛት ጎረቤታችን ወዲህ፣ አምቡላንሱ ወዲያ ማዶ ቆመው ነው ያመሹት። ውሃው እስኪጎድል ጠብቀው ወጣቶቹ በቃሬዛ አሻገሯት። እግዚአብሔር ይመስገን እናትም ልጅም ተርፈዋል። ይህ ግን በዕድል የሚተው ነገር አይደለም።

የኔትወርክ ባለሙያ አባል፣ ብሎክ 11
ያን ሌሊት ያልመጣው አምቡላንሱ ብቻ አልነበረም። መጀመሪያ መብራት ጠፋ፤ ከጥቂት ሰዓት በኋላ ስልክም ሞተ። ብዙዎቻችን ክፉ አጋጣሚ ተደራረበ ብለን አለፍነው። እኔ ግን ውሃው ከጎደለ በኋላ ከድልድዩ ሥር ወርጄ አየሁት። የፋይበሩ (የስልክና የኢንተርኔት ገመዱ) ቱቦ በብረት ታስሮ የሚያልፈው በድልድዩ ጎን ነው። የመብራት መስመሩም የሚሻገረው እዚያው ነው፤ የማዶው ምሰሶ የቆመው ውሃው በሚንደው አፋፍ ላይ ነው። ሦስት አገልግሎት ብለን የምንቆጥረው ሁሉ በአንድ ቦታ ያልፋል። ስለዚህ ሦስት ደብዳቤ ብንጽፍ፣ ሦስቱም ቢሮ ጥሩ መልስ ቢሰጠን እንኳ፣ ያው ድልድይ ላይ ተመልሰን እንቆማለን።

የኔትወርክ አስተማማኝነት የሚያጠኑ ሰዎች መስመሩ ስንት እንደሆነ ከመቁጠራቸው በፊት የሚፈልጉት አንድ ነገር አለ፤ የትኛው ቢወድቅ ይህ ሰፈር ከሌላው ይቆረጣል? ለመንገድም፣ ለኮምፒውተርም፣ ለስልክም ጥያቄው ያው ነው። ስሌቱም ከባድ አይደለም። ለምሳሌ ያህል፣ አንድ አገልግሎት እንዲሠራ ሦስት ነገሮች በተርታ መሥራት አለባቸው እንበል፤ እያንዳንዳቸው ከ10 ቀን 9ኙን ቢሠሩ ሦስቱም አንድ ላይ የሚሠሩት ከ100 ቀን 73ቱን ያህል ብቻ ነው። በአንጻሩ ሁለት አማራጭ መንገድ ቢኖረንና እያንዳንዱ ከ10 ቀን 9ኙን ቢሠራ፣ ሁለቱም አንድ ላይ የሚዘጉት ከ100 ቀን አንዱን ነው። እ.ኤ.አ. በ1956 ኤድዋርድ ሙርና ክሎድ ሻነን በዚሁ ሐሳብ ተነሥተው፣ አስተማማኝ ካልሆኑ ሪሌዎች (በኤሌክትሪክ ከሚከፈቱና ከሚዘጉ ማብሪያ ማጥፊያዎች) አስተማማኝ ሰርኪዩት፣ ማለትም የኤሌክትሪክ ዑደት፣ መገንባት እንደሚቻል በሒሳብ አሳይተዋል። ግን አንድ ቅድመ ሁኔታ አለው። የአንዱ ብልሽት ሌላውን ይዞ የማይወድቅ መሆን አለበት። የእኛዎቹ አንዱ ሌላውን ይዞ ይወድቃል።

የብሎክ 3 ተወካይ
እህቴ፣ ስለ መንገዱ ገብቶኛል። ስልክ ግን አሁን ሁለት ኩባንያ አለ። ሁለት ሲም የያዘ ሰው ምን ቸገረው?

የኔትወርክ ባለሙያ አባል፣ ብሎክ 11
ሁለት ሲም መያዝ ይረዳል፣ አልከራከርም። ሆኖም በሰፈራችን ያሉት የሁለቱም ታወሮች መብራት የሚያገኙት ከአንዱ መስመር ነው። መብራት ሲጠፋ በባትሪ ይቆያሉ፤ ባትሪው ሲያልቅ ሁለቱም ይጠፋሉ።

ሁላችንም የምናውቀውን የአዲስ አበባ ቀላል ባቡር እንይ። ከቃሊቲ ወደ ምኒልክ አደባባይ የሚሄደውና ከአያት ወደ ጦር ኃይሎች የሚሄደው በካርታ ላይ ሁለት መስመር ናቸው። ከስታዲየም እስከ ልደታ ግን የሚሄዱት በአንድ ሐዲድ ነው። እዚያ መካከል ላይ የቆመ ነገር ካለ የሁለቱም መስመር ተሳፋሪ ይቆማል። የባሕሩም እንዲሁ ነው። በየካቲት 2016 ዓ.ም. ቀይ ባሕር ውስጥ የኢንተርኔት ገመዶች ሲበጠሱ፣ የተለያዩ ኩባንያዎች ገመዶች ነበሩ አንድ ሰሞን የተጎዱት፤ ሁሉም በዚያ ጠባብ ባሕር ስለሚያልፉ ነው። እኛ ባሕር የሌለን አገር ስለሆንን ይህ ጉዳይ በጣም ሊያሳስበን ይገባል፤ ለጊዜው ግን ወደ ድልድያችን ልመለስ።

ጡረታ የወጡ የመንገድ ሥራ ፎርማን፣ ብሎክ 6
ልጄ ያለችው እውነት ነው። ጉልቻ ቢለዋወጥ ወጥ አያጣፍጥም፤ ሲም መቀያየሩም እንደዚያው ነው።

ስለ ድልድዩ እኔ ልናገር፤ ዕድሜዬን የፈጀሁበት ሥራ ነው። ሰው የሚፈራው በላዩ የሚያልፈውን ውሃ ነው። ድልድይን የሚጥለው ግን አብዛኛውን ጊዜ እግሩን የሚቦረቡረው ነው። ውሃው ሲፈጥን ከመሠረቱ ሥር ያለውን አፈር ይዞ ይሄዳል፤ ከላይ አስፋልቱ ደህና ይመስላል፣ ሥሩ ባዶ ነው። የእኛ ድልድይ በላይኛው በኩል ያለው መደገፊያ ግንብ ሥሩ ተጋልጦ ይታያል። እዚያ ጋቢዮን፣ ማለትም ድንጋይ የተሞላ የሽቦ ሳጥን፣ መደርደር አዲስ ድልድይ እንደመሥራት ውድ አይደለም፤ የሚያስፈልገው ድንጋይ፣ የሽቦ ሳጥንና የሰው ጉልበት ነው። ከሰኔ በፊት ካልተሠራ ግን ዋጋ የለውም።

ሌላው የጎርፍ ውሃ መውረጃ ቱቦዎቹ ናቸው። በፕላስቲክና በቆሻሻ ተደፍነዋል። ይህን ለወረዳው የምናሳብብበት ምክንያት የለም። በግንቦት እኛው ወጥተን እንጥረግ፤ ሥራችንን ሠርተን ስንጠይቅ ነው የምንደመጠው።

የሚኒባስ ሹፌር አባል
ጋሼ ትክክል ብለዋል። እኔ የምጨምረው ሁለተኛ መንገድ እንዳለን ነው። በድንጋይ ካባው በኩል ዞሮ ከዋናው አስፋልት ጋር ይገናኛል፤ ወንዙንም ከላይ በኩል ስለሚዞረው ድልድዩን አይነካም። በበጋ እንሄድበታለን። ግማሹ ጠጠር ለብሷል፣ ቀሪው ጥቁር አፈር ነው፤ ዝናብ ሲነካው ጎማ ይውጣል። የሚያስፈልገው ያ ቁራጭ ጠጠር እንዲለብስና ውሃ የሚወርድበት ቦይ እንዲኖረው ነው።

አንድ ነገር ደግሞ አልተነሣም። ድልድዩ ባይዘጋም ሰው ጠዋት ታክሲ የሚያጣበት ምክንያት አለ። ድልድዩ ላይ መኪና የሚያልፈው በተራ ነው። በጎርፍ ጊዜ ወይም አንድ ገልባጭ መኪና ሲበላሽ እስከ ቃሊቲ ደርሶ መመለስ የሚፈጀው ጊዜ እጥፍ ይሆናል። ጊዜው እጥፍ ሲሆን ያው መኪና በዚያው ጠዋት የሚያደርሰው ሰው በግማሽ ይቀንሳል። ሰልፉ የሚረዝመው ለዚህ ነው፤ ሰው ግን ሹፌሮች የጠፋን ይመስለዋል። ተለዋጭ መንገዱ ቢሠራ በደህናውም ቀን ይጠቅመናል።

ፋርማሲ ያላት አባል
ይህን ውይይት ሳነብ ደስ ብሎኛል፤ እስካሁን ብቻዬን የምጨነቅበት ጉዳይ ነበር። ያልተከፈተ ኢንሱሊን ከ2 እስከ 8 ዲግሪ መካከል መቀመጥ አለበት። መብራት ሲቆይብኝ በረዶ ፈልጌ ነው የማተርፈው፤ መንገድ ሲዘጋ ደግሞ በረዶም አይመጣም፣ አዲስ መድኃኒትም አይመጣም። ስልክ ሲጠፋ በስልክ የሚከፍል በሽተኛ ጥሬ ገንዘብ የለውም፤ ዱቤ ሰጥቼ እሸኛለሁ። እባካችሁ ጥያቄው በቁጥር ይቀመጥ። «መብራትና ኔትወርክ 99 በመቶ ይሥራ» እንበል።

የኔትወርክ ባለሙያ አባል፣ ብሎክ 11
እህቴ፣ በቁጥር ይቀመጥ የሚለውን ሙሉ በሙሉ እደግፋለሁ። 99 በመቶ ግን አይጠቅመንም። በዓመት 8,760 ሰዓት አለ፤ አንድ በመቶው ከ87 ሰዓት በላይ ነው፣ ማለትም ከሦስት ቀን ተኩል በላይ። 99.9 እንኳ ብንል ወደ 9 ሰዓት ይጠጋል። ይህ ሰዓት በዓመቱ ውስጥ ተበታትኖ ቢመጣ እንችለዋለን፤ ሐምሌ ውስጥ በአንድ ጊዜ ቢመጣ ግን ኢንሱሊንሽ ከሚገባው ቅዝቃዜ ውጭ ይቆያል፣ ሪፖርቱ ግን «99 በመቶ ተሳክቷል» ይላል። እኛን የሚጎዳን የአንዱ መቋረጥ ርዝመት ነው። ስለዚህ የምንጠይቀው አንድ ብልሽት ቢበዛ በስንት ሰዓት እንደሚጠገንና ታወሩ ያለ መብራት ለስንት ሰዓት እንደሚቆይ ይሁን። ሰዓቱን አንቺ ከመድኃኒቱ ተነሥተሽ ብትነግሪን ጥሩ ነው።

ለፋይበሩም ሁለተኛ ቁፋሮ አንጠይቅ፤ እሺ አይሉንም። ታወር ከታወር ጋር ማይክሮዌቭ በሚባል የሬዲዮ ሞገድ ይገናኛል። ከኮረብታው ታወር ጋር በአየር የሚያገናኝ መጠባበቂያ ከተተከለ ድልድዩ ቢወድቅም የታወሩ ባትሪ እስካላለቀ ድረስ ስልክ ይሠራል።

የብሎክ 3 ተወካይ
አንድ ደብዳቤ ይሁን፤ ሐሳቤን ቀይሬያለሁ። ግን ግልባጩ ለሁሉም ቢሮ ይድረስ፤ የእያንዳንዱ ድርሻም ተለይቶ ይጻፍ። እንዲያ ካልሆነ ያልኩት ይደርሳል።

የማህበሩ ፀሐፊ
እስካሁን ከተባለው የቀረፅኩት ይህ ነው፤ አርሙት።

«እኛ የሰፈሩ ነዋሪዎች መንገዳችን፣ የመብራት መስመራችንና የኢንተርኔት ገመዳችን በአንድ ድልድይ ስለሚያልፉ በአንድ ጎርፍ ሦስቱንም እናጣለን። የምንጠይቀው እነዚህ ሦስቱ አንድ ላይ እንዳይወድቁ እንዲለያዩ ነው። ከሰኔ በፊት የድልድዩ መሠረት በጋቢዮን እንዲጠበቅና የማዶው ምሰሶ ከአፋፉ እንዲርቅ፤ በካባው በኩል ያለው መንገድ ያልለበሰው ክፍል ጠጠር እንዲለብስ፤ ለታወሮቹ በድልድዩ የማያልፍ መጠባበቂያ ግንኙነትና በቂ ባትሪ እንዲኖር እንጠይቃለን። የውሃ መውረጃ ቱቦዎቹን ነዋሪው በግንቦት ይጠርጋል።»

የጥገናው ሰዓት ባዶ ነው፤ ከፋርማሲዋ አባላችን እጠብቃለሁ። ጋሼ ከሹፌሩ ጋር ቅዳሜ ጠዋት የካባውን መንገድ ለክተው፣ የግንቡን ሥር ፎቶ አንሥተው እንዲያመጡ ኮሚቴው ይጠይቃል።

ጡረታ የወጡ የመንገድ ሥራ ፎርማን፣ ብሎክ 6
እሺ። ሜትር እኔ አለኝ። ሁለት ወጣት ጨምሩልኝ፤ ከአፋፉ ሥር የሚወርድ ሰው ያስፈልጋል። ደብዳቤው ላይ «ጠጠር እንዲለብስ» ከሚለው ቀጥሎ «ከነውሃ መውረጃ ቦዩ» የሚል ይግባበት፤ ያለ ቦይ የለበሰ ጠጠር አንድ ክረምት አይሻገርም።