ወጌሻ ይከልከል ወይስ ይሠልጥን?

ጠያቂዋ፦ ባለፈው ወር የእህቴ ልጅ ከዛፍ ወድቆ ክንዱ ተሰበረ። የሰፈሩ ወጌሻ በቅቤ አሹት፣ በሸምበቆ ጥብቅ አድርገው አሰሩት። ሌሊቱን ሲያለቅስ አደረ። «ስብራት ነው፣ ያማል» ተባልን። ጠዋት ጣቶቹ አብጠው ጠቁረዋል። ጤና ጣቢያ ሮጠን ማሰሪያው ተፈታለት፤ እጁ ለጥቂት ተረፈ። እኔ በሕግ ይከልከል ባይ ነኝ።

የወጌሻ ልጅ፦ እህቴ፣ እንኳን ተረፈላችሁ። ግን አባቴ አርባ ዓመት ውልቃት መልሷል። በጣቱ ዳብሶ ብቻ የቱ ጋ እንደወለቀ ያውቃል። አጥንቱ ቆዳ በስቶ ከወጣ ግን አይነካም፤ «ይሄ የሐኪም ነው» ይላል። ከኛ ቀበሌ ራጅ ያለበት ሆስፒታል የግማሽ ቀን መንገድ ነው። ብትከለክሉት ሰው ተደብቆ ይሄዳል እንጂ አይቀርም። በ2002 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 661 እንኳ የባህል ሕክምናን ቁጥጥር ውስጥ አስገባው እንጂ አላገደውም።

ነርሷ፦ እንደኔ ዋናው ጣጣ ያለው ማሰሩ ላይ ነው። የተሰበረ እጅ ለቀናት ያብጣል፤ ሸምበቆው አብሮ አይለጠጥም። ደም መሄጃ ያጣል። ጡንቻ ደግሞ ያለ ደም ስድስት ሰዓት ከቆየ መሞት ይጀምራል። ጣቱ ከደነዘዘ፣ ከቀዘቀዘ፣ ቀና ሲያደርጉት ልጁ ከጮኸ ማሰሪያው እዚያው ይፈታ። እስኪነጋ መጠበቅ የለም! ጀሶም ቢሆን ከጠበቀ ያው ነው። እኛም ጀሶ አስረን «ነገ ተመለሱ» የምንለው ለዚህ ነው።

የገጠር መምህር፦ ሲስተር፣ እኛ ጋ ሰዉ ሆስፒታል የማይሄደው ርቀቱን ብቻ ፈርቶ አይደለም። «ከሄድክ ይቆርጡሃል» ይባላል። የተማሪዬ አባት ይህንኑ ብሎኝ ልጁን አስቀርቷል።

ነርሷ፦ አውቃለሁ፣ በጣም ያመኛል። የሚመጡልን እኮ በአምስተኛው፣ በስድስተኛው ቀን ነው። የምንቆርጠው የሞተ እጅ ነው። ከዚያ ሰፈሩ «ሆስፒታል ቆረጠው» ይላል። ሌላ ልጅ ሲሰበር ደግሞ ተመልሶ ወጌሻ ጋ። እኔ ይሠልጥኑ ነው የምለው። አላልቶ ማሰርና ጣት ማየት የአንድ ቀን ትምህርት ነው።

የወጌሻ ልጅ፦ ዛሬ ማታ ለአባቴ ደውዬ እነግረዋለሁ። እሱ ከሸምበቆው ሥር ጥጥ ያደርጋል። ግን ፈትቶ የሚያየው በሦስተኛው ቀን ነው።

ጠያቂዋ፦ በሦስተኛው? ወንድሜ፣ የኛ ልጅ እኮ አንድ ሌሊት ነው የቆየው።