የታኪጉቺና የዮኮቡኤ ታሪክ በድምፅ አልባ ፊልም ይሆናል?

ጠያቂ፦
ሰላም ለሁላችሁ፣ የድሮ የጃፓን ድምፅ አልባ ፊልም የምትከታተሉ ካላችሁ አንድ ነገር ልጠይቅ። የሄይኬን ታሪክ (የድሮ የጃፓን የጦርነት ታሪክ መጽሐፍ ነው) ሳነብ የታኪጉቺና የዮኮቡኤ ፍቅር ጋ ደርሼ እዛው ቀረሁ። ልጁ ታኪጉቺ የመኳንንቱ የታይራ ሺጌሞሪ ወታደር ነው፣ ቤተ መንግሥት የምታገለግል ልጅ፣ ዮኮቡኤን፣ ይወዳል፣ አባቱ እኔ ትልቅ ቤት ልድርህ ሳስብ አንተ እሷን ትላለህ ብሎ ይቆጣዋል፣ እሱም በ19 ዓመቱ ሁሉንም ትቶ ኪዮቶ ውስጥ ሳጋ የሚባል ቦታ ሄዶ የቡድሃ መነኩሴ ይሆናል። ለሷ ሳይነግራት! ፈልጋ ፈልጋ የምታገኘው ደግሞ ከአንድ ያረጀ ቤት ውስጥ ሲጸልይ ድምፁን ለይታ ነው። ይሄ ያለ ድምፅ እንዴት ይታያል? ለምንስ ወጥቶ አያናግራትም? በጣም ነው የተናደድኩት።

መልስ 1፦
እህቴ ድምፅ አልባ ሲባል አዳራሹ ጭጭ ያለ እንዳይመስልሽ። ጃፓን ውስጥ ቤንሺ የሚባል ሰው ስክሪኑ አጠገብ ሆኖ ታሪኩን ይተርካል፣ የወንዱንም የሴቷንም ንግግር ድምፁን እየቀያየረ ይላል፣ ሙዚቀኞችም እዛው ይጫወታሉ። ተመልካቹ ለፊልሙ ሳይሆን ለቤንሺው ብሎ ሲኒማ የሚገባበት ጊዜ ነበር፣ በ1931 ድምፅ ያለው ፊልም ከመጣ በኋላ እንኳን ለዓመታት ድምፅ አልባ ይሠሩ ነበር። ስለዚህ ጸሎቱን ቤንሺው ያሰማል፣ ካሜራው የሷን ፊት ብቻ ይያዝ፣ እግሯ ቀጥ ሲል ይታይ፣ በቃ። እንደውም ለዚህ ታሪክ ከዚህ የተሻለ አሠራር አይታየኝም።

መልስ 2፦
እኔ ስለ ልጁ ልናገር። ጨካኝ አይደለም። በበሩ ክፍተት አጮልቆ አይቷታል እኮ፣ ስትፈልገው ደክማ፣ ልቡ እየተንሰፈሰፈ ነው ሰው ልኮ እንዲህ የሚባል ሰው እዚህ የለም ያስባላት። ከዛ ምን አደረገ? ሁለተኛ ከመጣች አልችልም ብሎ የመነኮሳት ገዳም ወዳለበት ኮያ ተራራ ሸሸ፣ ኮያ ደግሞ ያኔ ሴት አይገባበትም። የጸና ሰው ቢሆን ሳጋ ይቀመጥ ነበር።

ጠያቂ፦
እሺ ኮያ ሴት እንደማይገባበት አላወቅኩም ነበር፣ አሁን ገባኝ። ግን እሷስ? ናራ ከተማ ሆኬጂ የሚባል ገዳም ገብታ መነኮሰች፣ ብዙም ሳትቆይ ሞተች። የሱ ጽናት ዋጋ የተከፈለው በሷ ነው፣ እዚህ ላይ አልስማማም።

መልስ 1፦
እሱ ላይ እኔም ካንቺ ጋር ነኝ። የዛን ዘመን ፊልሞች ማየት ከፈለግሽ አብዛኞቹ ጠፍተዋል፣ በ1923ቱ የመሬት መንቀጥቀጥና በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ብዙ ተቃጥሏል። የተረፉትን ግን በቤንሺ ትረካ የታጀበ ቅጂ ፈልጊ፣ ሳዋቶ ሚዶሪ የምትባለው ቤንሺ የተረከችው ካገኘሽ በሷ ጀምሪ።