ሪቨርቡ ተጭኗል፣ ፕሮግራሙ ግን አያየውም

ሰላም ለሁላችሁ። የሙዚቃ ማቀናበሪያ ፕሮግራሜን ወደ አዲሱ እትም ካሳደግሁ ወዲህ የድምፃዊቷ መስመር ላይ የነበረው የሪቨርብ ፕለጊን (ድምፅ ላይ ማስተጋባት የሚጨምር ተቀጥላ ሶፍትዌር) ጠፍቶብኛል። የቆየውን ሥራ ስከፍት በቦታው «አልተገኘም» የሚል ግራጫ ሳጥን ብቻ ይታያል፤ ድምፁም ደርቆ ይወጣል። አዲስ ሥራ ብከፍትም ከፕለጊኖች ዝርዝር ውስጥ የለም።

ኮምፒውተሬ ዊንዶውስ 11 ነው። ፋይሉ በሲ ድራይቭ፣ ፕሮግራም ፋይልስ፣ ኮመን ፋይልስ፣ ቪኤስቲ3 (የፕለጊን ፎርማት ስም ነው) ፎልደር ውስጥ ቁጭ ብሎ ይታየኛል። የሚገርመው፣ ጎረቤቶቹ ፕለጊኖች ሁሉ ያለ ችግር ይሠራሉ! አጥፍቼ ጭኜዋለሁ፣ ፎልደሩንም በፕሮግራሙ እንደገና አስቃኝቻለሁ፤ ባለ 64 ቢት መሆኑንም አረጋግጫለሁ። ስለዚህ «እንደገና ጫነው» የሚለውን ምክር እባካችሁ እለፉት።

የምጠረጥረው ፕሮግራሙ ሲቃኝ ተሰናክሎበት ከታገዱት ዝርዝር ውስጥ እንደከተተው ነው። እንዲያ ከሆነ፣ የሌሎቹን ቅንብር ሳልነካ እሱን ብቻ የማስወጣው እንዴት ነው?

ሌላም የሚያሳስበኝ አለ። አሮጌው ሥራ የተቀመጠው በፕለጊኑ የቪኤስቲ2 (የቀድሞው ፎርማት) ቅጂ ነበር፤ አዲሱ መጫኛ የሚሰጠው ግን ቪኤስቲ3ን ብቻ ነው። ፕለጊኑ ቢመለስልኝ እንኳ በጆሮዬ ያስተካከልኩት የማስተጋቢያ ርዝመትና መዘግየት አብሮ ይሻገራል ወይስ ከዜሮ ልጀምር?