ተፈርዶበት «የለኝም» የሚልን ሰው ለማሳሰር ምን ላቅርብ?

ጥያቄ፦ ነጋዴዋ፣ ደሴ
ሰላም ቤተሰብ። ፒያሳ ጨርቅ አከፋፍላለሁ። አንድ ደንበኛዬ በዱቤ የወሰደው 180,000 ብር ደረሰ። አልከፍል ሲል ከሰስኩት፣ ተፈረደልኝ፣ አፈጻጸም ከፈትኩ። ችሎት ቀርቦ «ሱቁን ዘግቻለሁ፣ ምንም የለኝም» አለ። እኔ ግን ከፍርዱ በኋላ ኮምቦልቻ ላይ አይሱዙ አቁሞ ጆንያ ሲያስጭን በዓይኔ አይቼዋለሁ። ለልጁም ትልቅ ሠርግ ደግሷል። ይታሰርልኝ ብል ይሰሙኛል? ልጆቼን የማሳድገው በዚያ ገንዘብ ነው። የምታውቁ እባካችሁ።

መልስ፦ ጠበቃ፣ ደሴ
አብሽሪ እህቴ። የዕዳው ክርክር በፍርዱ አልቋል፣ ስለ እሱ አትድከሚ። ዳኛው የሚፈልገው ሌላ ነገር ነው፦ ሰውየው መክፈል እየቻለ ነው እምቢ ያለው ወይስ አጥቶ ነው? አገራችን በ1985 ዓ.ም. የተቀበለችው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳን አንቀጽ 11፣ በውል የገባውን ግዴታ መወጣት ስላልቻለ ብቻ ማንም አይታሰርም ይላል። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 9(4) ይህን የአገሪቱ ሕግ አካል አድርጎታል። ስለዚህ አቅሙን የምታሳይው አንቺ ነሽ። ዛሬ ባዶ እጁን ቢሆን እንኳ ከፍርዱ በኋላ ገንዘብ ገብቶለት ሌላ ቦታ ካዋለው፣ ያም ይቆጠርብሃል ብለሽ መከራከር ትችያለሽ። ያየሽበትን ቀን ጽፈሽ ያዢ።

መልስ፦ የስፌት ባለሙያ፣ ሰኞ ገበያ
እኔ ባለዕዳ ሆኜ የቆምኩ ሰው ነኝ። በ2014ቱ ጦርነት ሱቄ ተዘርፎ ባዶ ቀረ። አበዳሪዬ «ደብቆ ነው፣ ይታሰር» አለ። ዳኛዋ «የደበቀው ምንድን ነው? የት?» ብለው ሲጠይቁት የሰፈር ወሬ ብቻ ነበር የያዘው። አልታሰርኩም፣ በየወሩ እየቆራረጥኩ ከፈልኩ። ብታሰር ኖሮ እሱም ሳንቲም አያገኝም ነበር። እህቴ፣ ገንዘብሽ እንዲመለስ ከልቤ እመኛለሁ፤ ግን መጀመሪያ ሰውየው በእውነት እንዳለው አጣሪ።

መልስ፦ መዝገብ ቤት የሠራሁ
እትዬ፣ የሠርጉን ነገር ብዙ አይመኩበት። «ወንድሜ ነው የደገሰው» ካለ አለቀ። የአዳራሹንና የድንኳኑን ኪራይ ራሱ ከፍሎ ደረሰኝ ከተገኘ ግን ሌላ ነው። ዋናው አይሱዙው ነው። ለችሎቱ ሁለት ነገር ያመልክቱ። አንደኛ፣ ባለዕዳው ተጠርቶ ስለ ንብረቱና ስለ ገቢው በመሐላ ይጠየቅ። ብዙ ሰው ይህን ሳይጠይቅ በቀጥታ እስር ይላል፣ ያሳዝነኛል። በመሐላ «መኪና የለኝም» ብሎ ሊብሬው በስሙ ከወጣ ነገሩ ሁሉ ይገለበጣል። ሁለተኛ፣ ለመንገድ ትራንስፖርት፣ ለማዘጋጃ ቤትና ለባንኮች ይጻፍልኝ ይበሉ። በግልዎ ቢሄዱ ባንክ ሒሳቡን አያሳይዎትም፣ ለፍርድ ቤት ትዕዛዝ ግን ይመልሳል።

ነጋዴዋ፣ ደሴ
እግዜር ይስጥልኝ። መኪናው በሚስቱ ስም ቢሆንስ?

መልስ፦ ጠበቃ፣ ደሴ
በትዳር ውስጥ የተፈራ ሀብት በአንዳቸው ስም ቢመዘገብም የጋራ ነው ተብሎ ይገመታል፣ የግል ነው የሚል ያስረዳል። ሚስቱ መቃወሚያ ልታቀርብ ስለምትችል የተገዛበትን ጊዜ አጣሪ። ደግሞ መኪናው ከተገኘ መጀመሪያ አሳግጂና ይሸጥልሽ፣ እስሩ ይቆይ። ሰውየው ቢታሰርም ዕዳው አይሰረዝም፣ ገንዘብ የሚያወጣልሽ ግን ንብረቱ ነው። ለኑሮው የግድ የሚያስፈልገውን የቤት ቁሳቁስና ለሥራው የግድ የሚያስፈልገውን መሣሪያ አትንኪ፣ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 404 እነዚህን ከመያዝ ይጠብቃቸዋል።

ነጋዴዋ፣ ደሴ
ሰሌዳውን በስልኬ ፎቶ አንስቼዋለሁ። ሌላ ምንም የለኝም። ይበቃል?

መልስ፦ መዝገብ ቤት የሠራሁ
ለመነሻ ይበቃል እትዬ። ኮዱን፣ «አማ» የሚለውንና ቁጥሩን ሳያጎድሉ በማመልከቻው ላይ ያስፍሩ፣ ፎቶውንም አሳትመው ያያይዙ። ያኔ አብሮዎት ያየ ሰው ካለ ስሙን በምስክርነት ያስመዝግቡ። ባለቤቱን ትራንስፖርት ቢሮው ለፍርድ ቤቱ ይገልጻል።

ነጋዴዋ፣ ደሴ
የሱቄ ልጅ አብራኝ ነበረች። ሰኞ ማመልከቻውን አስገባለሁ።