ለክራር ማሟሟቂያ የሚሆን ዜማ ጠቁሙን

ደብረ ብርሃን ውስጥ የተማሪዎች ድራማ ቡድን አለን። ለዓመቱ መዝጊያ የድሮ የአሜሪካ ቴሌቪዥን ኮሜዲ አንድ ክፍል ወደ መድረክ እያመጣን ነው። «ዘ ሃኒሙነርስ» ይባላል፤ ክፍሉ በ1956 እ.ኤ.አ. የታየ ነው።

ራልፍ የአውቶቡስ ሹፌር ነው። የዘፈን እውቀት ውድድር ይገባና ሊቅ ነኝ ብሎ ይኩራራል። ጎረቤቱ ኤድ ኖርተን በፒያኖ ያስጠናዋል። ኖርተን ግን ሁሌ መጀመሪያ «ስዋኒ ሪቨር» የሚባለውን ዘፈን ካልነካካ እጁ አይፈታም። ራልፍ በሽቆ ይጮህበታል። ውድድሩ ላይ የመጀመሪያዋ ጥያቄ፦ «ስዋኒ ሪቨር»ን የደረሰው ማነው? መልሱ ስቲቨን ፎስተር ነው። ራልፍ ተርበትብቶ «ኤድ ኖርተን?» ይላል። አለቀለት።

እኛ ራልፍን የአዲስ አበባ መስመር ሹፌር አደረግነው፤ ፒያኖውን በክራር ተካን። የቸገረን ዜማው ነው። መጀመሪያ ትዝታን ሞከርን። ለክራር ማሟሟቂያ ከእሱ የሚሻል የለም። ግን የሕዝብ ዜማ ነው፤ ደራሲው ማነው ቢባል መልስ የለውም፣ ቀልዱም እዚያው ይሞታል። ቀጥለን ብሔራዊ መዝሙሩን ያዝን። ሁሉም በቃሉ ይዘምረዋል፤ ዜማውን የደረሰው ሰለሞን ሉሉ መሆኑን የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው። አሪፍ ነበር። ክራሩ ገና ሲጀምር ልምምድ የሚያዩት ልጆች ተነስተው ቀጥ ብለው ቆሙ! መምህራችንም ጭምር። ታዲያ ማን ይሳቅ?

እዚህ ሰሜን ሸዋ ሽማግሌውም ልጁም ገና ከመነሻው የሚለየው፣ ደራሲው በስም የሚታወቅ፣ በክራር የሚወጣ ዘፈን የትኛው ነው?