«ማንም አላስገደዳቸውም»፦ በሉሲያን ፍሮይድ ፖርትሬቶች ላይ የተነሣ ክርክር

ሸራ ወጣሪ፦
ትናንት አንድ የቡድናችን አባል የሠዓሊውን የሉሲያን ፍሮይድን ፖርትሬቶች (የሰው መልክ ሥዕሎች) ከለጠፉ በኋላ ከሥራቸው «ይህ ሰው ዕድሜ ልኩን የሠራው ሥራ ሰውን ማዋረድ ነው፤ ይህ ፖርትሬት ሳይሆን ሥጋ ቤት ነው» ብለው ጽፈዋል። አስተያየቱን ብዙ ሰው ስለ ወደደው ዝም ብዬ ማለፍ አልቻልኩም። ዓመቶቹን በፈረንጆቹ አቆጣጠር እጽፋለሁ። ፍሮይድ በ1922 በርሊን ተወልዶ፣ ሂትለር ሥልጣን በያዘበት በ1933 ከወላጆቹ ጋር ወደ እንግሊዝ ተሰድዶ፣ በ2011 በ88 ዓመቱ እስኪሞት ድረስ ከሸራው ፊት ያልተለየ ሰው ነው። በዚያ ሁሉ ዘመን አብስትራክት መጣ፣ ፖፕ አርት መጣ፣ ሥዕል ሞቷል የሚሉ መጡ፤ እርሱ ግን አንድ ሰው ክፍሉ ውስጥ አስቀምጦ ያንን ሰው ሲያይ ኖረ። ከፎቶግራፍ መሣል አይወድም ነበር፤ የወለሉን ጣውላ ሲሥል እንኳ ሞዴሉ ከቦታው እንዳይለይ ይፈልግ ነበር። ሠዓሊው ዴቪድ ሆክኒ በ2002 ለአንዲት አነስተኛ ሥዕል ከ100 ሰዓት በላይ ተቀምጦለታል። ሊያዋርድ የፈለገ ሰው 100 ሰዓት አይፈጅም፤ ለማዋረድ አንድ አፍታ ይበቃል። ደግሞም ማንም አላስገደዳቸውም፤ ሁሉም በገዛ እግራቸው መጥተው የተቀመጡ ናቸው።

የፒያሳ ልጅ፦
«ሥጋ ቤት» ያልኩት እኔ ነኝ፤ ዛሬም እላለሁ። ከጽሑፍዎ ሁሉ ያስገረመኝ ግን የመጨረሻው ዐረፍተ ነገር ነው። «ማንም አላስገደዳቸውም» አሉ። መልካም፤ ከእናቱ እንጀምር። የሠዓሊው አባት በ1970 ሲሞቱ እናቱ ሉሲ ራሳቸውን ለማጥፋት ሞክረው ተረፉ፤ ከዚያ ወዲያ ግን የቀድሞዋ ሴት አልነበሩም። ልጃቸው ከ1972 ጀምሮ ከዐሥር ዓመት በላይ ደጋግሞ የሣላቸው በዚያ ሁኔታ ላይ እያሉ ነው። እናቱን መሣል የቻለው እርሳቸው ለእርሱ የነበራቸው ጉጉት ስለ ጠፋ መሆኑን ደግሞ ራሱ ሳይደብቅ ተናግሯል። ቀድሞ ነገሩን ሁሉ ማወቅ የሚሹ እናት ስለ ነበሩ ሲሸሻቸው ኖሮ፣ ሐዘን ሲያደነዝዛቸው ጊዜ አመቺ ሞዴል ሆነው ተገኙለት ማለት ነው። እንቢ ለማለት አቅም ያጣ ሰው መቀመጡ እንደ ፈቃድ ከተቆጠረ፣ በእርግጥም ማንም አላስገደዳቸውም።

እርሳስ፦
ሁለታችሁም ፍሮይድን ገና ከጅምሩ አንድ ዓይነት ሠዓሊ አድርጋችሁ ስለምትከራከሩ ነገሩ ተደበላልቋል። የ1940ዎቹና የ1950ዎቹ መጀመሪያ ፍሮይድ በቀጭን የለስላሳ ፀጉር ብሩሽ፣ ከሞዴሉ ጉልበት ለጉልበት ሊነካካ ጥቂት እስኪቀረው ተጠግቶ፣ እያንዳንዷን የፀጉር ዘለላ እየለየ የሚሥል ሰው ነበር። በ1947 የሣላትን፣ የድመት ግልገል አንገቷን አንቃ የያዘችውን ወጣት ተመልከቱ፤ ዐይኖቿ ከፊቷ በላይ ናቸው ቢባል ማጋነን አይሆንም። በ1950ዎቹ መጨረሻ ግን ወንበሩን ትቶ ቆሞ መሥራት ጀመረ፤ ብሩሹንም ወደ ሻካራው የአሳማ ፀጉር ለወጠ። በ1970ዎቹ አጋማሽ ደግሞ ክሬምኒትዝ የሚባለውን፣ እርሳስ የተባለው ብረት የበዛበትን ከባድ ነጭ ቀለም ለገላ ሥራ ያዘ። ይህ ቀለም እየተቆለለ እንደ አሸዋ ይጎረብጣል እንጂ ተለስልሶ አይተኛም። እንግዲህ «ሥጋ» የምትሉት ነገር የመጣው ከጭካኔ ሳይሆን ከመሣሪያውና ከአቋቋሙ ለውጥ ነው።

የፒያሳ ልጅ፦
ብሩሹን የመረጠው ማን ሆነና ነው መሣሪያው የሚከሰሰው?

ቆሎ ተማሪ፦
እርሳስ ስለ ዐይን ያነሡት ነገር ከሁሉም በላይ ሊያነጋግረን በተገባ ነበር። እኛ በቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ ጻድቁ በሁለት ዐይኑ ሲያየን፣ ክፉው ደግሞ በጎን ተሥሎ አንድ ዐይኑ ብቻ ሲታይ እያየን ያደግን ሰዎች ነን፤ ስለዚህ ሥዕል ፊት ስንቆም አስቀድመን የምንፈልገው ዐይን ነው። የፍሮይድን የኋለኛ ዘመን ሰዎች ስመለከት ግማሾቹ ተኝተዋል፤ ግማሾቹ ነቅተው ወለሉን ያያሉ። ጭንቅላትም እንደ እጅና እግር አንድ የአካል ክፍል ብቻ እንዲሆን እፈልጋለሁ፣ ስሜቱ በመላው ገላ ላይ ይታይ ይል እንደ ነበር አንብቤአለሁ። ይህ ታላቅ ሐሳብ ሊሆን ይችላል፤ ነገር ግን የሰው ፊት ከክርኑ እኩል ከሆነ እኔ ፖርትሬት ልለው ይቸግረኛል። ማዋረድ ነው ባልልም ሰውየውን እንዳላገኘው ሆኜ እመለሳለሁ።

ሸራ ወጣሪ፦
የፒያሳ ልጅ፣ የእናቱን ነገር ከግማሽ ጀምረው በግማሽ ስለ ጨረሱት ልሙላው። ፍሮይድ እናቱን ሄዶ ያመጣቸዋል፣ ቁርስ ያበላቸዋል፣ ከዚያም ወደ ስቱዲዮ ይወስዳቸዋል፤ ይህ ለዓመታት የዘለቀ ነው። ከአልጋ መነሣት ላቃታቸው እናት በየጊዜው የሚነሡበት ምክንያት ሆነላቸው ብለው የሚጽፉም አሉ። በ1973 የሠራውን ትልቁን የለንደን ክፍል ሥዕል ይመልከቱ። እናቱ በቆዳ ወንበር ላይ እጃቸውን አሳርፈው ተቀምጠዋል፤ ከወንበሩ ሥር ቀለም የተወቀጠበት ሙቀጫና ዘነዘና አለ፤ ከኋላቸው ደግሞ አንዲት ወጣት በቡናማ ብርድ ልብስ ከወገቧ በታች ተሸፍና ተኝታለች። እስኪ ከመላው ሥዕል የእናቱን ፊት ብቻ ነጥለው ይዩትና ውርደቱ የቱ ላይ እንዳለ ያሳዩኝ። እኔ የማየው በሐዘናቸው ውስጥ ማንም እንዳይነካቸው ተደርገው የተቀመጡ ሴት ነው።

የፒያሳ ልጅ፦
ቁርስ ካበላቸውማ ሒሳቡ ተዘጋ። ወንድሜ፣ ፊታቸው ጥሩ ተደርጎ አልተሣለም አላልኩም፤ የጠየቅሁት ፈቅደዋል ወይ ብዬ ነው። ጥያቄውን በሙቀጫና በዘነዘና አይሸፍኑብኝ። ስለ ልጆቹስ ምን ይሉ ይሆን? ፍሮይድ የእኔ ናቸው ያላቸው 14 ልጆች ነበሩት፤ ከብዙዎቹ ጋርም አብሮ አልኖረም። ካደጉ በኋላ የተቀመጡለት ልጆቹ ከአባታቸው ጋር ጊዜ ማሳለፊያው መንገድ ሞዴል ሆኖ መቀመጥ እንደ ነበር በተለያየ ጊዜ ተናግረዋል። አባቱን ለማየት ሸራ ፊት መቀመጥ ያለበት ልጅ «በገዛ እግሩ መጣ» ይባላል? እግሩማ የራሱ ነው፤ መንገዱ ግን አንድ ብቻ ነበር።

ለንደን ነዋሪ፦
ይህን ሁሉ ክርክር የምታካሂዱት በስልክ መስታወት ላይ ባያችሁት ምስል መሆኑ ይገርመኛል። ቴት በተባለው የሥዕል ሙዚየም ውስጥ በ1988 እና 89 የሠራው፣ አንዲት እርቃኗን የሆነች ሴት በቁልል ጨርቅ ላይ ተደግፋ የቆመችበት ሥዕል አለ። ጨርቁ ፍሮይድ ብሩሹን የሚጠርግበት የሆቴል አንሶላ ቅዳጅ ነው፤ በየጭረቱ ብሩሹን እየጠረገ ቀለሙን እንደ አዲስ ይቀምም ስለ ነበር ስቱዲዮው በዚያ ይሞላ ነበር። ፊት ለፊቱ ስትቆሙ ጨርቁና ገላው በአንድ ዓይነት ትዕግሥት መሠራታቸውን ታያላችሁ፤ ከቆዳው ላይ አረንጓዴ፣ ግራጫና ቀይ ቀለም ጎን ለጎን ይወጣል። በፎቶ ግን ይህ ሁሉ ወደ አንድ ቡናማ ነገር ይለወጣል። በ2012 በናሽናል ፖርትሬት ጋለሪ የተደረገውን ዐውደ ርእይ ያየ ሰው «ሥጋ ቤት» የሚል ቃል ከአፉ አይወጣም።

ቆሎ ተማሪ፦
ስለዚህ ቪዛ ያልተሰጠው ሰው አስተያየትም አይኖረውም ማለት ነው?

ለንደን ነዋሪ፦
እንደዚያ አላልኩም፤ ሥዕሉ ምን ያህል ውፍረት እንዳለው ሳያውቁ ስለ ሠዓሊው ልብ ውፍረት አይፈረድም ነው ያልኩት።

ቆሎ ተማሪ፦
ጥሩ አድርገው መለሱ፤ ነገር ግን እኔ ያነሣሁት የዐይንን ጉዳይ ነው፤ የተዘጋ ዐይን ደግሞ ለንደን ሆኖም የተዘጋ ነው።

እርሳስ፦
ወደ ዋናው ነገር እንመለስና፣ «ማዋረድ» የሚለው ክስ አንድ ነገር ይዘነጋል፤ ፍሮይድ ለማንም አያዳላም ነበር። ሱ ቲሊ በሥራ አጦች ድጎማ ቢሮ የምትሠራ ሴት ነበረች፤ በ1995 ሶፋ ላይ ተኝታ የሣላት ሥዕል በ2008 በኒውዮርክ ጨረታ በ33.6 ሚሊዮን ዶላር ሲሸጥ፣ በወቅቱ በሕይወት ላለ ሠዓሊ ሥራ በጨረታ የተከፈለ ትልቁ ዋጋ ሆነ። እርሷም ስለ ሥዕሉ በየመገናኛ ብዙኃኑ እየሣቀችና እየተኩራራች ስትናገር እንጂ ስታለቅስ አልተሰማችም። ከዚያ ደግሞ ንግሥት ኤልሳቤጥ አሉ። ከ2000 እስከ 2001 ተቀመጡለት፤ እርሱም 23.5 በ15.2 ሳንቲሜትር በሆነች ትንሽ ሸራ ላይ እንደ ማንኛዋም የደከመች አሮጊት ሣላቸው፤ ዘውዳቸው ሲመጣም ሸራውን ከላይ መቀጠል ግድ ሆነበት። ጋዜጦቹ ጮኹበት። ለሹማምንት አንድ ዓይነት፣ ለተራ ሰው ሌላ ዓይነት ብሩሽ የሌለው ሠዓሊ አዋራጅ ከተባለ፣ አክባሪ የምንለው አለባባሽ የሆነውን ብቻ ነው።

የፒያሳ ልጅ፦
ንግሥቲቱን በመጥቀስዎ አመሰግናለሁ፤ «ማንም አላስገደዳቸውም» የሚለው አባባል ከነሙሉ ክብሩ የሚሠራው ለእርሳቸው ብቻ ነውና። ለእርሳቸው ስቱዲዮው ራሱ ወደ ቅዱስ ያዕቆብ ቤተ መንግሥት ሄደ። ሌላው ሁሉ ወደ እርሱ ይመጣል፣ በእርሱ ሰዓት ይመጣል፣ የቀን ሥዕል ከሆነ በጠዋት፣ የሌሊት ሥዕል ከሆነ በመብራት ይመጣል። በዚህ ላይ 33 ሚሊዮኑን ምን ሊያስረዳልን እንዳመጡት አልገባኝም፤ ዋጋው የገዢውን ኪስ እንጂ የተሣለችውን ሴት ክብር አይለካም።

ሸራ ወጣሪ፦
ሌላውን የሣለበትን ብሩሽ በራሱም ላይ አዙሮታል። በ1993፣ ሰባ ዓመት ካለፈው በኋላ፣ ማሰሪያቸው የተፈታ አሮጌ ጫማዎች ብቻ ተጫምቶ፣ ሌላ ጨርቅ ሳይኖረው፣ በአንድ እጁ የቀለም ሰሌዳውን በሌላው ስፓቱላውን ይዞ ራሱን ሥሏል። ደረቱ የወደቀ፣ እግሩ የቀጠነ ሽማግሌ ነው። ሰውን ለማዋረድ የሚሥል ሰው ራሱን እንዲህ አድርጎ ለዘላለም ግድግዳ ላይ አይሰቅልም።

የፒያሳ ልጅ፦
መስታወቱም የእርሱ፣ ብሩሹም የእርሱ፣ «በቃኝ» የሚልበት ሰዓትም የእርሱ ነው። ራሱን የሣለ ሰው ከሁለቱም ወገን ስላለ ፈቃድ የሚጠይቀው የለም፤ ስለዚህ ምሳሌው ለክርክራችን አይሆንም። አንድ ምሳሌ እኔ ላምጣ። ጄሪ ሆል የተባለችው ታዋቂ ሞዴል በ1998 ዓ.ም. በፈረንጆቹ ሕፃን ልጇን እያጠባች ተቀምጣለት ነበር። ታምማ ጥቂት ቀጠሮዎች ብትቀርበት እርሷን ፍቆ በቦታዋ የረዳቱን የዴቪድ ዶውሰንን ገላ ሣለበት፤ ዛሬ በዚያ ሥዕል ከኋላ በኩል ጡት የሚያጠባው ወንድ ነው። ፊት ለፊት አንድ ሽማግሌ ጸሐፊ ውሻ አጠገቡ ተኝቶ መጽሐፉን ያነብባል፤ እርሱ በቀጠሮው ስለ ተገኘ ከነክብሩ ተርፏል። እንግዲህ «ማንም አላስገደዳቸውም» ላሉት ልጠይቅ፤ የቀረ ሰው የሚሠረዝበት ቤት ውስጥ መምጣት ምን ያህል ነጻ ምርጫ ነው?

እርሳስ፦
ይህ ሥዕል ለክስ ሳይሆን ለመከላከያ ቢቀርብ ይሻል ነበር። ፍሮይድ በቃሉ አስታውሶ፣ ወይም ከፎቶ ገልብጦ ጄሪ ሆልን ሊጨርሳት ይችል ነበር፤ ስሟም ለገበያ ይጠቅመው ነበር። ያን አላደረገም፤ ያላየውን አልሥልም ያለ ሰው የማይመጣን ሰው ሊጨርስ አይችልም። ለሃምሳ ዓመት የያዘውን ደንብ ለታዋቂ ሰው ብሎ አላፈረሰም።

ቆሎ ተማሪ፦
ደንቡ ይህ ከሆነ የሕፃኑን ልጅ እናት በሽታ ለምን አላየም ብዬ እጠይቃለሁ። በሰው ፊት ላይ ያለችን ቡግር ለማየት ወራት የሚታገሥ ሰው፣ ያቺ ሴት ድና እስክትመጣ ጥቂት ሳምንት መታገሥ እንዴት አቃተው? እኔ እስከ አሁን መካከለኛ ነበርኩ፤ የእርሳስ መልስ ግን ወደ ፒያሳ ልጅ ገፋኝ።

ለንደን ነዋሪ፦
በሰማንያ ዓመቱ ጠርዝ ላይ ያለ ሠዓሊ ጊዜው አጭር መሆኑን ያውቃል፤ ታገሥ ማለት ለእኛ ቀላል ነው። በሞተበት ዓመት እንኳ የዶውሰንንና የውሻውን ሥዕል ሳይጨርስ ትቶ ነው የሄደው።

ሸራ ወጣሪ፦
ጄሪ ሆል ያለ ፈቃዷ ተሣለች የሚል ካለ ይንገረኝ። መጣች፤ ከዚያ ቀረች፤ ሥዕሉ ያለ እርሷ ቀጠለ። መቅረት መቻሏ ራሱ ማንም እንዳላስገደዳት ማስረጃ ነው።

የፒያሳ ልጅ፦
ይህን እንዲሉ ስጠብቅ ነበር። መቅረት የቻለችው የራሷ ስምና ሀብት ያላት ሴት ስለ ሆነች ነው፤ እናቱና ልጆቹ ግን ያ ምርጫ አልነበራቸውም። መጀመሪያ ያነሡት ሆክኒ ከ100 ሰዓት በላይ ሲቀመጥለት ፍሮይድ በተራው ለሆክኒ የተቀመጠው ለጥቂት ሰዓታት ብቻ መሆኑንም አልጨመሩልንም። እኩያው ለነበረው፣ ጓደኛው ለነበረው ሠዓሊ ያልመለሰውን ሰዓት ለማን ሊመልስ ኖሯል? በዚህ ላይ መልስ ይስጡኝ፤ ስለ ቁርሱ ግን ተግባብተናል።

ሸራ ወጣሪ፦
ሆክኒ በፍጥነት የሚሥል ሰው ስለ ሆነ ከዚያ በላይ ሰዓት አላስፈለገውም። በቁርሱም ቢሆን አልተግባባንም።